የወጥ ቤቱ ዝምታ

መጀመሪያ ቤቱን ላስረዳ፤ ቤቱ ካልገባችሁ ከላይኛዋ ተከራይ ጋር የነበረን ትውውቅ አይገባችሁም። ሲያትል ውስጥ፣ ቢከን ሂል ላይ፣ አውቶቡሱ ከሚያልፍበት መንገድ ትንሽ ገባ ብሎ የቆመ አሮጌ የእንጨት ቤት ነበር። አከራዩ ላዩን ለአንድ ሰው፣ ምድር ቤቱን ለሌላ ሰው ይሰጣል። የእንጨት ቤት ደግሞ ምስጢር አይጠብቅም። ከላይ ማንኪያ ሲወድቅ ከታች ይሰማኛል። እኔ ከታች የማደርገው ከላይ እንደሚሰማ ግን ለብዙ ጊዜ አልታሰበኝም።

ዲቪ ደርሶኝ የመጣሁት እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በዘጠናዎቹ አጋማሽ ነው። አገር ቤት ጂኦግራፊ አስተምር ነበር። ሲያትል ስደርስ በአንድ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የመምህርት ረዳት ሆኜ ተቀጠርኩ። ሥራዬ የልጆቹን ጃኬት መስቀል፣ እርሳስ መቅረጽ፣ ሰልፍ ማስያዝ ነበር። ማስረዳት የመምህርቷ ነው። እኔ የማስረዳው ቅዳሜ ቅዳሜ ብቻ፣ በቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ለኢትዮጵያውያን ልጆች አማርኛ ሳስተምር ነው። እኔ በአማርኛ እጠይቃለሁ፣ እነሱ በእንግሊዝኛ ይመልሳሉ። ለዚያች አጭር ትምህርት ሳምንቱን ሙሉ እዘጋጅ ነበር። ከሥራ ስመለስ ግድግዳው ፊት ቆሜ፣ ተማሪ እንዳለ ሁሉ፣ ጮክ ብዬ እለማመዳለሁ።

ምድር ቤቱን አብሮኝ የተከራየው ደባሌ መሀል ከተማ መኪና ማቆሚያ ውስጥ ሁለት ፈረቃ ይሠራል። አንዳንድ ሳምንት እሱን ሳይሆን የተኛበትን ብርድ ልብስ ብቻ ነው የማገኘው። ካገኘሁትም ጊዜ ያለው ለቀልድ ነው።

«ሶ፣ ፕሮፌሰር፣ ዛሬስ ለግድግዳው ምን አስተማርከው?»

«የወንዞችን ስም።»

«ገባው?»

«ካንተ ይሻላል።»

«ኦኬ፣ ፈተና የምትሰጠው ቀን ኮል አድርግልኝ፤ መጥቼ አስኮርጀዋለሁ» ይልና ጫማውን ሳያወልቅ ይተኛል።

ቀኑን ሙሉ የሰማሁት አማርኛ ያ ብቻ የሚሆንበት ጊዜ ብዙ ነበር።

አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ስለማመድ በሩ ተንኳኳ። ስከፍተው የላይኛዋ ተከራይ ናቸው። እስከዚያ ቀን ደረጃው ላይ ሰላም ከመባባል አልፈን አናውቅም። ቀጭን፣ አጭር፣ ነጭ ፀጉራቸውን እንደ ወንድ የተቆረጡ ሴት ናቸው። መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለውታል።

«አስተማሪ ነህ?»

«ነኝ። ረበሽኩዎት እንዴ? ይቅርታ...»

«አልረበሽከኝም። ቋንቋውን አላውቀውም። ግን አንዱን ነገር ሦስት ጊዜ ነው የምትለው።»

«ለመለማመድ ነው።»

«ጥሩው ሁለተኛው ነው» አሉኝ፣ መድኃኒት እንደሚያዝዝ ሐኪም ፊታቸው ሳይፈታ። «መጀመሪያው ላይ ትፈራለህ። ሦስተኛው ላይ ራስህን መስማት ትጀምራለህ። ሁለተኛውን ያዝ፣ ሌላውን ጣለው።» ዞረው ደረጃውን መውጣት ከጀመሩ በኋላ ቆም አሉ። «ሻይ አለ።»

በእንግሊዝኛ አንተም አንቱም ያው ነው። እኔ ግን ከዚያች ሻይ ጀምሮ በልቤ አንቱ ብያቸዋለሁ፤ የምጽፈውም እንደዚያው ነው።

ፖላንዳዊት ናቸው። ከሠላሳ ዓመት በላይ በፖላንድ ሲኒማ ውስጥ የፊልም ኤዲተር ሆነው ሠርተዋል። እዚህ ላይ ትንሽ ላብራራ፤ እኔም የተማርኩት ያን ቀን ነው። በእሳቸው ዘመን ፊልም በእጅ የሚዳሰስ ነገር ነበር። ምስሉ በአንድ ጥቅል፣ ድምፁ በሌላ ጥቅል ይመጣል። ኤዲተሯ ነጭ የጥጥ ጓንት አድርጋ፣ ትልቅ ጠረጴዛ የሚያክል ማሽን ፊት ተቀምጣ ሁለቱን ጎን ለጎን ታስኬዳለች። የማይፈለገውን በምላጭ ትቆርጣለች፣ የቀረውን ታጣብቃለች። የተቆረጠው ወዲያው አይጣልም። ጨርቅ ከለበሰ ቅርጫት በላይ፣ እንደ ታጠበ ልብስ ተንጠልጥሎ ይቆያል። ዳይሬክተሩ ነገ ሐሳቡን ሊቀይር ይችላላ። ሴትዮዋ ከዚህ የተረፈ ልማድ ነበራቸው፤ የአውቶቡስ ትኬትም ሆነ የስኳር ከረጢት በሁለት ጣት ይዘው ወደ ብርሃን ከፍ አድርገው ሳያዩ አያስቀምጡም።

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ፣ በአሥራ ስምንት ዓመታቸው፣ ስቱዲዮዎቹ ባሉባት የጨርቃ ጨርቅ ከተማ የፊልም ጥቅል ተሸካሚ ሆነው ገቡ። ከዚያ ለጣፊ ሆኑ። ከዚያ ረዳት። ረዳትነቱ ላይ ብዙ ቆዩ።

«እንዴት ኤዲተር ሆኑ ታዲያ?»

«ዋናዋ ኤዲተር ልጅ ወለደችና ወንበሯ ላይ ተቀመጥኩ። ኋላ እኔም ወለድኩ። እኔ ግን ከወንበሩ አልተነሣሁም።»

ይህን ሲሉ ድምፃቸው አልተለወጠም። እኔም ያን ጊዜ አላስተዋልኩትም፤ ስለ ማሽኑ ነበር የምጠይቀው።

ኤዲተሮቹ በአብዛኛው ሴቶች፣ ዳይሬክተሮቹ በአብዛኛው ወንዶች ነበሩ። ዳይሬክተሩ ከጎን ተቀምጦ ያጨሳል፣ ያዛል፣ ይቆጣል። «ጎበዝ ዳይሬክተር ማለት» አሉኝ አንድ ቀን፣ «ቡና ለመጠጣት መቼ መውጣት እንዳለበት የሚያውቅ ነው።» ፊልሙ ሲያልቅ የመንግሥት ሳንሱር ኮሚሽን ፊት ይቀርባል። ኮሚሽን ምን እንደሆነ ለእኔ ማስረዳት አላስፈለጋቸውም፤ እኔም በደርግ ጊዜ ነው የተማርኩት። ሳያስቆርጥ የሚሄድ ኮሚሽን ስለሌለ፣ ሴትዮዋ አንድ የሚያናድድ ትዕይንት ሆን ብለው ይተዉለት ነበር። የኮሚሽኑ ሰዎች እሱን ያስቆርጡና ደስ ብሏቸው ምሳ ይሄዳሉ፤ የተፈራው ነገር ሳይነካ ያልፋል።

ካጫወቱኝ ሁሉ ከአእምሮዬ የማይጠፋው የትራሙ ነገር ነው። ኤዲተር ከአንድ ተዋናይ ፊት ጋር ወራት ትኖራለች። ካሜራው መቅረጽ ሲጀምር እንዴት እንደሚተነፍስ፣ ሲደክመው የትኛው ዓይኑ እንደሚጨፈን ታውቃለች። እሱ ግን አይቷት አያውቅም። ሴትዮዋ አንድ ጠዋት ትራም በሚሉት የከተማ ባቡር ውስጥ እንዲህ ዓይነት ተዋናይ ያገኛሉ። ሳያስቡት ሄደው ትከሻውን ነካ አድርገው፣ «ጉልበትህ ተሻለህ?» ይሉታል። በቀረጻው ውስጥ ደረጃ ሲወጣ ያነክስ ነበርና። ሰውየው ወደ ኋላ ሸሸት ብሎ፣ «እመቤት፣ እንተዋወቃለን?» አላቸው።

«ምን አሉት?»

«ይቅርታ፣ ሰው መስሎኝ ነው፣ አልኩት። በሚቀጥለው ፌርማታ ወረድኩ። መውረጃዬ አልነበረም።»

ሥራቸውን ሲተዉ፣ ሲያትል አጠገብ ሬንተን በአውሮፕላን ፋብሪካ ወደሚሠራው አንድ ልጃቸው መጡ። መጀመሪያ እሱ ቤት ነበሩ። አልሆነም፤ ቢከን ሂል ተከራዩ። ልጁ እሑድ ጠዋት ይደውላል። ስልኩ አጭር እንደሆነ ከታች ሆኜ አውቃለሁ፤ ወንበር ይጮኻል፣ ትንሽ ፖላንድኛ ይሰማል፣ ወንበሩ መልሶ ይጮኻል። አንድ ጊዜ ሲጣሉ፣ «በልጅነቴ የማስታውስሽ በሩን ስትዘጊ ነው» እንዳላቸው ነገሩኝ። እናቱ የሠሩትን አንድም ፊልም ተቀምጦ አይቶ አያውቅም።

በተዋወቅን በሁለተኛው ዓመት መኸር ላይ፣ ዩኒቨርሲቲው ሰፈር ካለ ትንሽ ሲኒማ ቤት ለሴትዮዋ ስልክ ተደወለ። የድሮ ፊልም የሚወዱ ሰዎች በየእሑዱ የሚሰበሰቡበት ቤት ነው። የፖላንድ ፊልም ሊያሳዩ ነው፤ ኤዲተሯ እዚሁ ከተማ መሆናቸውን ሰምተዋል፤ ከፊልሙ በፊት ጥቂት ቃል ይናገሩልን አሉ። ሴትዮዋ ስልኩን ዘግተው ወደ ምድር ቤት ወረዱ፤ ከመጀመሪያው ቀን በኋላ ወርደው አያውቁም ነበር።

«ያ ፊልም ነው» አሉኝ። «ልጄ ማየት ያለበት ያ ነው።»

«ለምን እሱ?»

«መጀመሪያ ንግግሩን ጻፍልኝ።»

ጻፍኩ። ደስታዬን አልደብቅም፤ ከመጣሁ ጀምሮ እንድጽፍ የጠየቀኝ ሰው አልነበረም። መግቢያ፣ የፖላንድ ሲኒማ ታሪክ በአጭሩ፣ የኤዲቲንግ ምንነት፣ የሕይወት ታሪክ፣ መደምደሚያና ምስጋና። ይዤ ስወጣ ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ መቀስ ተዘጋጅቶ ነበር። መግቢያውን አነበቡና ቆረጡት። ታሪኩን ቆረጡት። እኔ ቁራጮቹን እያነሣሁ፣ «ይህ ከሌለ እኮ ሰዎቹ አይገባቸውም!» እላለሁ።

«ይግባቸው አላልኩም። ይቀመጡ ነው ያልኩት።»

የቀረው በጣት ወርድ የሚለካ ወረቀት ነበር። ከዚያ መቀሱን አስቀምጠው የጠየቅኳቸውን መለሱልኝ።

ዝምታ ባዶ ነገር አይደለም። እያንዳንዱ ክፍል የራሱ ዝምታ አለው፤ የምድጃ፣ የመስኮት፣ የግድግዳ። ስለዚህ ቀረጻ ሲያልቅ የድምፅ ባለሙያው ሰውን ሁሉ ባለበት ያስቆምና የክፍሉን ዝምታ ይቀዳል። ኤዲተሯ በንግግርና በንግግር መካከል የምትሞላው እሱን ነው። ካልሞላችው ተመልካቹ ማሽኑ የተበላሸ ይመስለዋል። የዚያ ፊልም መጨረሻ አንዲት ሴት ባዶ ቤት ገብታ ኮቷን ሳታወልቅ ጠረጴዛ ጋ የምትቀመጥበት ነው። ሌላ ነገር አይሆንም። ለዚህ ትዕይንት የተቀዳው ዝምታ ግን ትራክተር ገብቶበት ተበላሸ። ቀረጻው ወደተደረገበት ገጠር ተመልሶ መቅዳት አልተቻለም።

«የእኔ ወጥ ቤት ግድግዳው ወፍራም ነበር» አሉ። «የድምፅ ባለሙያውን ከሰዓት በኋላ ወደ ቤቴ ወሰድኩት። ልጄ ታሟል፤ ትኩሳት አለው፤ በሚቀጥለው ክፍል ተኝቷል። በሩን ልዘጋው እጄን ዘረጋሁ። አልዘጋሁትም።»

«የሱ ትንፋሽ ገባ።»

«ገባ። ዳይሬክተሩ ምንድን ነው ሲለኝ ነፋስ ነው አልኩት። በማግሥቱ ልጁን እናቴ ጋ ገጠር ወሰድኩት፤ ፊልሙ ማለቅ ነበረበት። አየሩ እስኪሞቅ ድረስ እዚያ ቆየ። እኔ ክረምቱን ሙሉ ማሽኑ ላይ ትንፋሹን እሰማ ነበር። ሥራው አልቆም እንኳ ገብቼ እሰማው ነበር። እሱ ግን ይህን አያውቅም።»

«ታዲያ ይንገሩት! ዛሬ ደውለው...»

«ብነግረው ይቅርታ መለመን ይሆናል። እሱም ወይ ይቅር ይለኛል ወይ አይለኝም፤ ሁለቱንም አልፈልግም። ይስማው። እንዳትነግረው።»

«ባይሰማውስ?»

መቀሱን ወደ መሳቢያው መለሱ። «ያን ጊዜ በሩን ብቻ ያስታውሳል ማለት ነው።»

የፊልሙ ዕለት ደባሌ በመኪናው አደረሰን። «ሌዲ፣ ዩ አር ሴለብሪቲ» እያለ በሩን ከፍቶ አስገባቸው። ለእኔ ደግሞ በአማርኛ፣ «አንተ ከኋላ፤ ቦዲ ጋርድ ነህ» አለኝ። ሲኒማ ቤቱ በር ላይ ፓርክ ማድረጊያ ስላጣ አውርዶን ወደ ሥራው ሄደ።

ሰው ብዙ አልነበረም። ካፖርት የለበሱ ሽማግሌዎች፣ ጥቂት ተማሪዎች። ሴትዮዋ መግቢያው ላይ ቆመው መንገዱን ያያሉ። የጋበዙት ልጃቸው የለም። አስተናጋጁ ሁለት ጊዜ መጥቶ «እንጀምር?» አላቸው። ሦስተኛ ሳይመጣ ገቡ። ወደ መድረኩ የወጡት እኔ የማውቃቸው ሴት ሳይሆኑ ትራም ውስጥ የተሳሳቱት ሴት መሰሉኝ።

«ይህን ፊልም የቆረጥኩት እኔ ነኝ» አሉ በእንግሊዝኛ። «ሥራዬ በደንብ ከተሠራ አይታይም፤ ስለዚህ አትፈልጉት። መጨረሻው ላይ ሰዎቹ መናገር ሲያቆሙ ካፖርታችሁን አታንሡ። ተቀምጣችሁ ስሙ።»

ጭብጨባው ገና ሳያልቅ የኋላው በር ተከፈተ። ረጅም ሰው፣ የስድስት ዓመት ያህል ሴት ልጅ ይዞ፣ ጎንበስ ብሎ ገባና የመጨረሻው ረድፍ ላይ ተቀመጠ። ሴትዮዋ አዩት። ወርደው አጠገቤ ተቀመጡና እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ፤ ፊልሙ እስኪያልቅ አላነሡትም።

ፊልሙን መተንተን እችል ነበር፤ አልተነትነውም። መጨረሻው ሲደርስ ሴቲቱ ገባች፣ ተቀመጠች፣ ቤቱ ዝም አለ። ጆሮዬን አቆምኩ። መጀመሪያ የምድጃ ነገር ሰማሁ። ከዚያ ከሥሩ፣ በጣም ቀስ ያለ፣ ወደ ውስጥ ሲሳብ ትንሽ የሚቆራረጥ ትንፋሽ። ካልተነገረኝ እሰማው ነበር? አይመስለኝም። አንድ ሽማግሌ አሳለ። ሌላው ካፖርቱን አነሣ። መብራት በራ።

መተላለፊያው ላይ ልጁ እናቱን በአንድ እጁ አቀፋቸው። ልጅቷ ፖላንድኛ ስለማትችል በእንግሊዝኛ ነበር የሚነጋገሩት።

«ይቅርታ ማማ፣ ድልድዩ ላይ መንገድ ተዘግቶ ነው።»

«መጣህ አይደል። እንዴት አየኸው?»

«ጥሩ ነው። ረጅም ነው።» ትንሽ አሰበ። «መጨረሻው ላይ ግን ድምፁ ችግር አለበት። ዝም የሚልበት ቦታ ላይ የሆነ ነገር ይመላለሳል። አላስተካከላችሁትም?»

የሴትዮዋ ፊት በራ።

«ሰማኸው?»

«እንዴት አልሰማውም? ቀኑን ሙሉ ሞተር የማዳምጥ ሰው እኮ ነኝ።»

«ምን ይመስላል?»

«ሰው ነው። ልጅ። አፍንጫው የተዘጋ ልጅ» አለና ቆመ።

ከዚህ በኋላ ያለውን በፖላንድኛ ተነጋገሩት፤ ሴትዮዋ ናቸው ኋላ የነገሩኝ። «እኔ ነኝ?» አላቸው። አዎ አሉት። «ታምሜ ነበር?» ትኩሳት ነበረህ አሉት። «እና አንቺ መቅጃ ማሽን አመጣሽ።» አመጣሁ አሉት። ሌላ ነገር አልጨመሩም። እኔ የቆምኩበት ሆኜ ያየሁት፣ ሰውየው ፊቱ ቀልቶ ልጅቷን ትቶ ወደ ውጭ ሲወጣ ነው። በመስታወቱ ውስጥ ይታየናል፤ ካፊያው ውስጥ ቆሞ የመኪናውን ቁልፍ ያገላብጣል። ክረምቱን ሙሉ እንደሰሙት፣ ብቻቸውን ገብተው ይሰሙት እንደነበር ሮጬ ልነግረው ተነሣሁ። ሴትዮዋ ሳያዩኝ ክንዴን ያዙኝ። አጥንታቸው እንደዚያ ይጠነክራል ብዬ አላሰብኩም ነበር።

«ሂዝ ማድ» አለች ልጅቷ፤ ተናዷል ማለቷ ነው።

«ሊሆን ይችላል» አሏት አያቷ።

ሰውየው ተመልሶ ገባ። ወደ እናቱ አልመጣም፤ ወደ ቲኬት መስኮቱ ሄደ። ፊልሙ ያን ከሰዓት አንዴ ድጋሚ ይታይ ነበር። አንድ ቲኬት ቆረጠና በአጠገባችን ሲያልፍ፣ «ልጅቷን ያዥልኝ» ብሏቸው ብቻውን ገባ።

መተላለፊያው ላይ ባለው አግዳሚ ወንበር ጠበቅን። ልጅቷ ካፖርቷን ለብሳ አያቷ ላይ ተኛች። እኔ ምን እንደምል አጥቼ ስለ ካፊያና ስለ ዝናብ ልዩነት ማስረዳት ጀመርኩ፤ ሴትዮዋም አላቋረጡኝም፤ አይሰሙኝም ነበር። በመጨረሻ በሩ ተከፍቶ ሰው መውጣት ጀመረ። ሁሉም ወጣ፣ እሱ ግን አልወጣም። ከዚያ ወጣ። ዓይኑን አላየሁም። ልጅቷን ከእናቱ ጭን ላይ አነሣት፤ በሌላው እጁ ለእናቱ ካፖርታቸውን ያዘላቸው። በፖላንድኛ አንድ አጭር ነገር አለ። ይህንን ምን እንደሆነ አልነገሩኝም፤ እኔም አልጠየቅኩም።

«ላድርስህ?» አለኝ በእንግሊዝኛ።

«አመሰግናለሁ፣ እዚህ ሰፈር ጉዳይ አለኝ» አልኩት። ምንም ጉዳይ አልነበረኝም።

የእሑዱ ስልክ ረዘመ። ከዚያ ልጁ ራሱ መምጣት ጀመረ፤ ደረጃውን ሁለት ሁለት እየዘለለ ነበር የሚወጣው። ዛፎቹ ሲያብቡ ሴትዮዋ ዕቃቸውን ጭነው ወደ ሬንተን ገቡ። ዕቃው በአንድ ምልልስ አለቀ። የላይኛው ቤት ለጥቂት ጊዜ ባዶ ቆየ። እኔ ለቅዳሜ ትምህርት መለማመዴን አላቆምኩም፤ ጮክ ማለቱን ግን ተውኩት።

አንድ ጊዜ ልጠይቃቸው ሬንተን ሄድኩ፤ በሁለት አውቶቡስ ነው። እናትና ልጅ ወጥ ቤት ውስጥ በፖላንድኛ ይጨቃጨቃሉ፤ ስለ ሾርባው ጨው ይመስላል። ሴትዮዋ ሲያዩኝ ደስ አላቸው። «አስተማሪው!» ብለው ግንባሬን ሳሙኝ። ስለ ተማሪዎቼ ጠየቁኝና መመለስ ስጀምር ልጅቷ ከጓሮ ጠራቻቸው፤ «ሐሳብህን ያዘው፣ መጣሁ» ብለው ወጡ። ጀምሬ ያላለቀውን አረፍተ ነገር ይዤ ተቀመጥኩ። ሲመለሱ ያነሣነው ሌላ ነገር ነበር። የተጋበዝኩትን በላሁ፤ ሾርባው በእርግጥ ጨው በዝቶበታል። አውቶቡሱ እንዳያመልጠኝ ተነሣሁ፤ ልጁ በመኪናው ፌርማታው ድረስ አደረሰኝ።

ከልቤ ደስ ብሎኝ ነበር የተመለስኩት። ሴትዮዋ የፈለጉትን አግኝተዋል፤ ሳይለምኑ። ቤት ስደርስ ይህንኑ ለሰው መንገር አማረኝ። ደባሌ ፈረቃ ላይ ነበር፤ ሌላ የሚሰማኝ ሰው አልነበረም። ከላይ አዲሶቹ ተከራዮች፣ ባልና ሚስት፣ አልጋ ይሁን ቁም ሳጥን እንጃ፣ ከባድ ነገር ከግድግዳ ወደ ግድግዳ ይጎትታሉ።